ዳላስ ከ21 ዓመት በኋላ፦ ነባሮቹ፣ አዲሶቹና የጄ.አር. ሞት

አንድ ሽማግሌ በአረጋውያን መኖሪያ ውስጥ ተቀምጧል። አይናገርም። ቅንድቡ ነጭና ረጅም ሆኗል። ድብርት ይዞት ከሰው ጋር መነጋገር ካቆመ ቆይቷል። አንድ ቀን ልጁ ይመጣና ወንድሙ የቤተሰቡን ርስት ሊሸጥ መሆኑን ይነግረዋል። የሽማግሌው ዓይን ይከፈታል። ያኔ ተመልካቹ ገባው፤ ጄ.አር. ዩዊንግ ተመልሷል።

‹ዳላስ› የተባለው የአሜሪካ ተከታታይ ድራማ እንዲህ ነው እንደገና የጀመረው። ቀኑ ጁን 13፣ 2012 ነበር (ዓመቶቹን ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የጻፍኳቸው)። ያቀረበው ቲኤንቲ የሚባለው የኬብል ቻናል ሲሆን፣ በዚያ ምሽት 6.9 ሚሊዮን ገደማ ሰው አይቶታል። ለኬብል ይህ በጣም ትልቅ ቁጥር ነው። ድራማው ከዚያ በኋላ ሦስት ምዕራፍ፣ በድምሩ 40 ክፍል ቆይቶ በ2014 ተቋረጠ።

ቆመው ስለተመለሱ ድራማዎች ባሰብኩ ቁጥር ሐሳቤ ወደዚህኛው ይሄዳል። ነባርና አዲስ ተዋንያንን አንድ ቤት ውስጥ ማኖር ሲያምርም ሲበላሽም ምን እንደሚመስል እዚህ ሁለቱንም ማየት ይቻላል። እኔ የደረስኩበትን ከወዲሁ ልናገር። አዘጋጆቹ ነባሮቹን እጅግ በሚገባ ተጠቀሙባቸው። ለወጣቶቹ ግን የራሳቸው የሆነ ቁስል አልሰጧቸውም፤ የአባቶቻቸውን ጠብ ነው ያወረሷቸው። ሽማግሌው ሲሄድ ጠቡም አብሮት ሄደ።

ነባሩ ቤት

የመጀመሪያው ዳላስ የዴቪድ ጄኮብስ ፈጠራ ነው። በሲቢኤስ የጀመረው ኤፕሪል 2፣ 1978 ነበር። መጀመሪያ የታሰበው አምስት ክፍል ብቻ ሆኖ ነው። ሜይ 3፣ 1991 ሲጠናቀቅ 357 ክፍል ሆኖ ነበር። በቴክሳስ የሚኖር የዩዊንግ ቤተሰብ፣ ነዳጅ ዘይት፣ ሳውዝፎርክ የተባለ ሰፊ ርስት፣ ከባርንስ ቤተሰብ ጋር የቆየ ደም መቃባት። ከሁሉም በላይ ደግሞ ጄ.አር.። ፈገግ እያለ ወንድሙን የሚሸጥ ሰው። ላሪ ሀግማን ይህን ሰው ሆኖ በ357ቱም ክፍሎች ላይ ታይቷል። ከእሱ በቀር እንዲህ ያለ ተዋናይ በድራማው የለም።

በ1980 ጄ.አር. በጥይት ተመታ። ማን እንደተኮሰበት የተገለጠው በዚያው ዓመት ኖቬምበር 21 ቀን ሲሆን፣ በአሜሪካ ብቻ 83 ሚሊዮን ገደማ ሰው ቴሌቪዥኑ ፊት ተቀምጦ ነበር። ተኳሿ ክሪስቲን ሼፐርድ ናት፤ የሚስቱ እህት። ይህቺን ስም ያዙልኝ፤ ወደኋላ ትመጣለች።

ለዚህ ጉዳይ የሚያስፈልገን ግን ከተኩሱ ይልቅ ሌላ ታሪክ ነው። ነባሩ ዳላስ ዋና ተዋናይ የማጣትን ችግር ሦስት ጊዜ ቀምሶታል። ሦስቱንም ጊዜ መልሱ የተለያየ ነበር።

አንደኛው በ1981 ነው። የቤተሰቡን አባት ጆክን የሚጫወተው ጂም ዴቪስ አረፈ። አዘጋጆቹ ሌላ ሰው አልተኩም። ገፀ ባሕርይውን ደቡብ አሜሪካ ልከው በሄሊኮፕተር አደጋ ሞተ አሉ። የጆክ ሥዕል ግድግዳው ላይ ተሰቅሎ ቀረ። ያ ሥዕል ከዚያ ወዲህ እንደ አንድ ተዋናይ ሆኖ ሠራ ማለት ይቻላል፤ ወንድማማቾቹ ሲጣሉ ከላይ ያያቸዋል።

ሁለተኛው በ1984 ነው። እናትየዋን ሚስ ኤሊን የምትጫወተው ባርባራ ቤል ጌዲስ ድራማውን ስትለቅ ዶና ሪድ ተተካች። ዶና ሪድ ኦስካር ያገኘች ትልቅ ተዋናይት ነበረች። ተመልካቹ ግን አልተቀበላትም። ልጆቹ "እማማ" ሲሏት ተመልካቹ "ይቺ እማማ አይደለችም" አለ። ከአንድ ምዕራፍ በኋላ ቤል ጌዲስ ተመለሰች። ሪድ ከሥራው በመውጣቷ ክስ መሠረተች፤ ጉዳዩ በስምምነት አለቀ።

ሦስተኛውን ዓለም ሁሉ ያውቀዋል። ቦቢን የሚጫወተው ፓትሪክ ደፊ በ1985 መልቀቅ ስለፈለገ ቦቢ ሞተ፣ ተቀበረ። በሚቀጥለው ዓመት ደፊ ልመለስ አለ። ሚስቱ ፓም ጠዋት ተነስታ የሻወሩን በር ስትከፍት ቦቢ እዚያ ቆሟል። ያለፈው ምዕራፍ በሙሉ የእሷ ሕልም ነበር ተባለ። ቦቢን ስላገኙ የተደሰቱ ነበሩ፤ አንድ ዓመት ሙሉ የተከታተሉት ታሪክ ሕልም ነው ሲባሉ የከፋቸውም ነበሩ።

በ2012 ድራማውን የተረከበችው ሲንቲያ ሲድሬ ይህ ሁሉ ታሪክ ከፊቷ ነበር። ሦስቱም መንገዶች ተሞክረዋል፤ የሦስቱም ዋጋ ታውቋል። እሷ ግን ያንን ዕውቀት በስድስት ወር ውስጥ እንደምትፈልገው አልጠበቀችም።

ማን ተመለሰ፣ ማን ገባ

ሲድሬ መጀመሪያ የወሰነችው ነገር የሚደነቅ ነው። በ1996 እና በ1998 ስለ ዩዊንግ ቤተሰብ ሁለት የቴሌቪዥን ፊልሞች ተሠርተው ነበር። እነሱን እንዳልነበሩ ቆጠረቻቸው። የ1991ዱን መጨረሻ መሠረት አድርጋ፣ እውነተኛው 20 ዓመት ለገፀ ባሕርያቱም እንዳለፈ አድርጋ ጀመረች። ማንንም ወጣት ለማስመሰል አልሞከረችም። ጄ.አር. አርጅቷል። ቦቢ አርጅቷል። የጄ.አር. የቀድሞ ሚስት ሱ ኤለን መጠጥ ትታ፣ ለቴክሳስ ገዥነት የምትወዳደር ሴት ሆናለች።

ሦስቱ ነባሮች፣ ሀግማን፣ ደፊና ሊንዳ ግሬይ፣ ዋና ተዋንያን ሆነው ነው የተመለሱት። እንግዳ ሆነው ብቅ ብለው የሚሄዱ አልነበሩም። ኬን ከርቺቫል የባርንስ ቤተሰቡን ክሊፍ ሆኖ መጣ። ሻርሊን ቲልተን ሉሲን፣ ስቲቭ ካናሊም ሬይን ሆነው በየመሃሉ ታዩ። ፓምን የተጫወተችው ቪክቶሪያ ፕሪንሲፓል አልተመለሰችም። በምትኳም ሌላ ሰው አልተፈለገም፤ ፓም ከዓመታት በፊት መሞቷ በሁለተኛው ምዕራፍ ተነገረ። የዶና ሪድ ትምህርት የቀረ አይመስለኝም።

የአዲሶቹ ድልድል ደግሞ እንዲህ ነበር። ጆሽ ሄንደርሰን የጄ.አር. ልጅ ጆን ሮስ ሆነ። ጄሲ ሜትካፍ የቦቢ የጉዲፈቻ ልጅ ክሪስቶፈር ሆነ። ጆርዳና ብሩስተር የሳውዝፎርክ ምግብ አብሳይ ልጅ ኤሌና ሆነች፤ ሁለቱም ወንዶች ይወዷታል። ጁሊ ጎንዛሎ የክሪስቶፈር እጮኛ ሬቤካ፣ ብሬንዳ ስትሮንግ የቦቢ አዲስ ሚስት አን ሆነው ገቡ።

ጆን ሮስና ክሪስቶፈር በነባሩ ድራማ ሕፃናት ነበሩ። ያኔ የተጫወቷቸው ልጆች አድገው አልተጠሩም፤ አዲስ ተዋንያን ተቀጠሩ። ማንም አልተቆጣም። ልጅ አድጎ መልኩ ቢለወጥ ማን ይገረማል? እናት በአንድ ክረምት መልኳ ሲለወጥ ግን ቤቱ ይናጋል። በነባርና በአዲስ መካከል ድልድይ መሥራት የሚፈልግ ሰው ከዚህ የተሻለ በር አያገኝም። ተመልካቹ የሚያውቀው ስም፣ የማያውቀው ፊት።

የመጀመሪያውን ክፍል አሠራር ደጋግሜ አይቼዋለሁ። እያንዳንዱ አዲስ ፊት ከአንድ ነባር ፊት ጋር በገመድ ታስሮ ነው የሚገባው። ጆን ሮስ በሳውዝፎርክ መሬት ላይ በድብቅ ቆፍሮ ነዳጅ ያገኛል። ቦቢ ያስቆመዋል፤ ሚስ ኤሊ ርስቱን ስታወርስ ቁፋሮ እንዳይኖር አዛለችና። ክሪስቶፈር ነዳጁን ትተን በሌላ የኃይል ምንጭ እንሥራ ይላል። ጆን ሮስ በጉዲፈቻ መምጣቱን እያነሳ ይወጋዋል። እዚህ ላይ ነው ክሪስቲን የምትመጣው። ክሪስቶፈርን የወለደችው ያቺ ጄ.አር. ላይ የተኮሰችው ሴት ናት። ነባሩን ያየ ሰው ይህንን እያወቀ ነው የሚያየው። ያላየውም ጠቡ ይገባዋል። ሁለቱንም በአንድ ትዕይንት ማስተናገድ ቀላል ሙያ አይደለም።

የገመዱ ጉዳት የታየው ቀስ ብሎ ነው። ሄንደርሰን ብቻውን ሲሆን ጥሩ ነው። ከሀግማን ጎን ሲቆም ግን ሌላ ነገር ይሆናል። ሀግማን ምንም አይሠራም፤ ቅንድቡን ያነሳል፣ ፈገግ ይላል፣ ትዕይንቱ የእሱ ይሆናል። "እሳት አመድ ወለደ" የሚባለው ስንፍናን ለመንቀፍ ነው፤ ወጣቱን ሰነፍ ማለቴ አይደለም። ግን የተሰጠው ገፀ ባሕርይ ፍላጎቱ አንድ ብቻ ነበር፤ አባቱን መሆን። አባትየው እዚያው ቆሞ እያለ አባትን መሆን አይቻልም።

ከወጣቶቹ ሁሉ የተሻለ ዕድል የገጠማት ጁሊ ጎንዛሎ ናት። በመጀመሪያው ምዕራፍ መጨረሻ የክሊፍ ባርንስ ልጅ መሆኗ ሲገለጥ፣ ያ ሁሉ የእጮኛ ዓይናፋርነት ሽፋን እንደነበር ታወቀ። የሚደብቀው ነገር ያለው ገፀ ባሕርይ ለተዋናይ ሀብት ነው።

ሀግማን

ሀግማን የቴክሳስ ልጅ ነው፤ የተወለደው በፎርት ዎርዝ ነው። ነባሩ ድራማ አብዛኛው የተቀረጸው በካሊፎርኒያ ስቱዲዮ ሲሆን፣ አዲሱ ግን ዳላስ ከተማ ውስጥ ነበር የሚሠራው። በኦክቶበር 2011፣ ቀረጻው ሊጀመር አካባቢ፣ ካንሰር እንዳለበት ለሕዝብ ተናገረ። እየታከመ ሠራ።

የመጀመሪያውን ክፍል ይህን እያወቁ ማየት ይከብዳል። በጽሑፉ ላይ ካንሰር የያዘው ቦቢ ነው። ደፊ በሽታውን ከቤተሰቡ የሚደብቅ ሰው ሆኖ ይጫወታል። ከፊት ለፊቱ የተቀመጠው ጓደኛው ግን በእውነት ታማሚ ነው። ሁለቱ ከ1978 ጀምሮ ወዳጆች ናቸው። ወንድማማቾቹ ተቃቅፈው በሚቆሙባቸው ትዕይንቶች ውስጥ ትወናው የት እንደሚያበቃ አላውቅም።

ኖቬምበር 23፣ 2012 ሀግማን በዳላስ ሆስፒታል ውስጥ አረፈ። 81 ዓመቱ ነበር። ሊንዳ ግሬይና ፓትሪክ ደፊ አጠገቡ ነበሩ። የሁለተኛው ምዕራፍ ቀረጻ ገና መንገድ ላይ ነበር። ከ15ቱ ክፍሎች የተወሰኑትን ብቻ ነው የሠራው።

አሁን ሦስቱ መንገዶች ጠረጴዛው ላይ ናቸው። ሌላ ተዋናይ መተካት? ማንም አያስበውም። ጄ.አር. ርቆ ሄደ፣ አንድ ቀን ይመለሳል ማለት? ተመልካቹ እውነቱን ያውቃል፤ ውሸት ይሆናል። የቀረው የጆክ መንገድ ነው፤ ሞቱን ሞት ብሎ መቀበል። ሲድሬና ጸሐፊዎቿ ይህን መረጡ፤ ታሪኩንም እንደገና ጻፉ።

ጄ.አር. ከልጁ ጋር በስልክ እያወራ የተኩስ ድምፅ ይሰማል። ትዕይንቱን የሠሩት ቀድሞ ከተቀረጸው ከተረፈ ምስል ነው። ማርች 4፣ 2013 ታየ። ከሳምንት በኋላ፣ ማርች 11፣ ቀብሩ መጣ።

ይህ ክፍል ከ40ዎቹ ሁሉ ይበልጣል ብዬ አምናለሁ። ምክንያቱ የተዋንያን አሰላለፍ ነው። ለቀብሩ የመጡት ከየዘመኑ ናቸው። ሉሲና ሬይ መጡ። ከሚስቱ ከቫሊን ጋር ከዳላስ ወጥተው የራሳቸው ድራማ የነበራቸው ጌሪ፣ የጄ.አር. ወንድም፣ መጣ። የጄ.አር. የድሮ ሚስት ካሊ መጣች፤ የድሮ ውሽማው ማንዲ መጣች። ለቅሶኛው ሁሉ ቂም አለው፤ ሁሉም ግን መጥቷል። ለቅሶ ቤት ከተቀመጡት ውስጥ ሟቹን የረገመ ሰው አይጠፋም፤ ግን አይቀርም፣ ይመጣል። ያንን ስሜት ነው ያመጡት።

ሊንዳ ግሬይ ደግሞ ለብቻዋ መነሳት አለባት። ሱ ኤለን ለ20 ዓመት ገደማ መጠጥ ያልቀመሰች ሴት ናት። በቀብሩ ዋዜማ የጄ.አር.ን መጠጥ አንስታ ትጠጣለች። በማግስቱ መቃብሩ ላይ ቆማ፣ ሰክራ፣ ከጄ.አር. የመጣላትን ደብዳቤ ታነባለች። ሌላ ዕድል እንድትሰጠው የሚለምን ደብዳቤ ነው። የእሷ ገፀ ባሕርይ በ1978 ሲጀምር ቁጥሯ ከጌጥ የማይበልጥ ሚስት ነበረች። ከ35 ዓመት በኋላ መቃብር ላይ የቆመችው ሴት ሙሉ ሰው ናት። ነባር ተዋናይ መልሶ ማምጣት የሚሰጠው ነገር ይህ ነው። አዲስ ጸሐፊ በአንድ ምሽት ጽፎ የማያመጣው ዓመት ፊቷ ላይ አለ። ያንን ትዕይንት ስትሠራ ጓደኛዋን ከቀበረች ገና ጥቂት ጊዜ ነው።

መጨረሻ ላይ ቦቢ ብቻውን የወንድሙ ክፍል ውስጥ ቁጭ ይላል። ይጠጣል። ያለቅሳል። ሙዚቃ አያስፈልገውም ነበር፤ ደፊ ራሱ በቂ ነው።

ማን ገደለው ለሚለው ጥያቄ መልሱ ኤፕሪል 15፣ 2013 በምዕራፉ መዝጊያ ተሰጠ። ጄ.አር. በካንሰር ሊሞት ቀናት ብቻ ቀርተውት ነበር። ባም የሚባለውን ታማኝ ሰውዬውን ራሱ ተኩስብኝ ብሎ ለመነው። ዓላማው ግድያውን በክሊፍ ባርንስ ላይ ለማላከክ ነው። ክሊፍ ባልሠራው ወንጀል ታሰረ። የተዋናዩ እውነተኛ ሕመም ወደ ገፀ ባሕርይው ገባ፣ ሞቱም የጄ.አር. የመጨረሻ ሴራ ሆነ። ለሟች የተሰጠ ክብር ነው። ግን አንድ ያላሰቡት ነገር ነበር። በዚያ ሴራ ክሊፍንም ከጨዋታው አስወጡት። ጄ.አር. የለም፤ ጠላቱም እስር ቤት ነው። ወጣቶቹ የወረሱት ጠብ ባለቤቶቹ ሁለቱም ሄደዋል።

ከዚያ በኋላ የቆመው ማን ነው?

በሁለተኛው ምዕራፍ የገባችው ጁዲት ላይት መልሱ ልትሆን ትችል ነበር። የአን የቀድሞ ባል ሃሪስ ራይላንድ እናት ሆና መጣች። ሃሪስን የሚጫወተው ሚች ፒሌጂ ነው፤ በእውነተኛ ዕድሜ በሦስት ዓመት ብቻ ነው የምትበልጠው። አንድም ጊዜ ግን አልተጠራጠርኩም። ልጇን በአንድ ቃል ታሳንሰዋለች፤ ፒሌጂም ትከሻው እንደ ሕፃን ሲወድቅ ታያለህ። አንን የምትጫወተው ብሬንዳ ስትሮንግም እዚህ ነው ያበበችው። ሕፃን ሳለች የተሰረቀችባት ልጇ አድጋ ስትመለስ፣ አያትየው አሳድጋት፣ እናቷን የማታውቅ ሆና። ይህ ጠብ ከዩዊንግና ከባርንስ አልተወረሰም። የራሳቸው ነው። ስለዚህም ሀግማን ከሞተ በኋላ እንኳ ትንፋሽ ነበረው።

ከዚህ የተረዳሁት አዲስ ተዋናይ ከነባሩ ጋር ዝምድና ቢኖረውም፣ ከነባሩ ያልመጣ አንድ ሕመም ያስፈልገዋል። ጆን ሮስና ክሪስቶፈር ያ አልነበራቸውም። በሦስተኛው ምዕራፍ ጆን ሮስ ሚስቱን ሲክድ፣ ሲያሴር፣ ስናየው አባቱ የሠራውን ነው የሚሠራው። አባቱ ግን ሲሠራው እንስቅ ነበር። ልጁ ሲሠራው እናዝናለን።

ስለ ቁጥሩ አጠር አድርጌ ልንገራችሁ፤ ብዙ ሰው ሀግማን ስለሞተ ድራማው ወደቀ ስለሚል። ልክ አይደለም፣ ቢያንስ ሙሉ በሙሉ። ሁለተኛው ምዕራፍ በጃንዋሪ 28፣ 2013 ሲከፈት ተመልካቹ ወደ 3 ሚሊዮን ወርዶ ነበር፤ ሀግማን አርፏል፣ ጄ.አር. ግን ገና በስክሪኑ ላይ ነበር። ድራማው ከአሜሪካ በጋ ረቡዕ ወደ አሜሪካ ክረምት ሰኞ ተዛውሯል፤ በዚያ ሰዓት ፉክክሩ ብዙ ነው። ናፍቆት ያመጣው ሰውም ሰላም ብሎ ሄዷል። የቀብሩ ክፍል ቁጥሩን ወደ 3.6 ሚሊዮን መለሰው፤ ከዚያ እንደገና ወረደ። ሰው ለቀብር መጣ፣ ለቤቱ ግን አልቆየም።

ሦስተኛው ምዕራፍ ሁዋን ፓብሎ ዲ ፓቼን ጨምሮ ሌሎች አዲሶች አስገባ። ሴፕቴምበር 22፣ 2014 የመጨረሻው ክፍል ታየ። ክሪስቶፈር ወደ መኪናው ይሄዳል፤ መኪናው ይፈነዳል። ጄ.አር. ላይ የተኮሰችው ሴት የወለደችው፣ ቦቢና ፓም በሕፃንነቱ የተቀበሉት ልጅ፣ ይሙት አይሙት ሳይነገረን ክፍሉ አለቀ። በኦክቶበር መጀመሪያ ቲኤንቲ ድራማው አይቀጥልም አለ። ያንን ፍንዳታ ቦቢ እንዴት እንደሚሰማው፣ ደፊ ያንን ዜና እንዴት እንደሚቀበለው ለማየት በጣም እፈልግ ነበር።